ሀ ለማለት ማፈር

ባለቤቴ ልጃችንን ልታርስ ባሕር ማዶ ከተሻገረች ሦስተኛ ወሯን ይዛለች። መቼም በእኔ ዕድሜ ያለ የአዲስ አበባ ወንድ ሚስቱ ስትርቅ የሚገባበትን ጣጣ አንባቢዬ አያጣውም። የመጀመሪያውን ሳምንት እንደ ዕረፍት ቆጠርኩት። ሁለተኛውን በምግብ ቤት ገፋሁት። በሦስተኛው ሳምንት ሆዴና ኪሴ ተባብረው አመፁብኝ። እናም አምሳ አምስት ዓመት ሙሉ «ምሳ አልደረሰም?» ብዬ ከመጠየቅ በቀር ጉዳይ ኖሮኝ የማላውቀውን ማድ ቤት በገዛ እጄ ከፍቼ ገባሁ።

በሽሮ ጀመርኩ። ሽሮን የመረጥኩት ቀላል ነው ሲባል ስለምሰማ ነው። «ሽሮ እኮ ምን አላት!» ይላሉ የሚያውቁት። ሽንኩርቱን ከተፍኩ፤ ዘይቱን አፈሰስኩ፤ በርበሬውን ጨመርኩ፤ ውሃው ሲፈላ ዱቄቱን ባንድ ጊዜ ገለበጥኩበት። ጓጎለ። በማማሰያ ብመታው፣ በሹካ ብጨፈልቀው ወይ ፍንክች! ያን ቀን እራቴን በዳቦ በላሁና ድስቱን ማንም ሳያይ አጠብኩት።

እንጀራ የምትጋግርልን ሴት በሳምንት ሁለት ቀን ትመጣለች። ማግሥቱን ስትመጣ የድስቱን ቂጥ አይታ ነገሩ ገባት መሰለኝ፣ «ሽሮ በአንድ እጅ እየነሰነሱ በአንድ እጅ እያማሰሉ ነው ጋሼ፤ አይገለበጥም» አለችኝ። ድምጿ ውስጥ ሳቅ አልነበረም። ሰዓት ስንት ነው ብዬ ጠይቄያት እንደምትመልስልኝ ነው የነገረችኝ። ይኸን ጊዜ ደፈርኩና «እስቲ እንጀራውንም አሳዪኝ» አልኳት። ምጣዱን አሰሰችልኝ። ሊጡን በመቅጃው ሰጠችኝ። ከዳር ጀምሮ እየዞሩ ወደ መሃል መግባት እንደሆነ በእጇ አየር ላይ ሥላ አሳየችኝ። «ይሞክሩት» አለች።

ሊጡን ከማፍሰሴ በፊት ምን እንዳደረግኩ ልናዘዝ። ዞር ብዬ የማድ ቤቱ በር መዘጋቱን አየሁ።

ቤቱ ውስጥ ከእኔና ከእሷ በቀር ሰው የለም። ታዲያ ከማን ነው የምደበቀው? ይህች ጥያቄ ከዚያ ቀን ጀምሮ እንደ ጥርስ ሕመም ትመላለስብኛለች። ዛሬ እናንተንም ላካፍላችሁ ብዬ ነው።

ነገሩን በደንብ ስታዩት ግራ ነው። ሰው ማፈር የሚገባው ባጠፋው ነገር ነበር። የሕዝብ ገንዘብ የበላ ይፈር፤ በሐሰት የመሰከረ ይፈር፤ አደራ የካደ ይፈር። ያልተማረውን ያላወቀ ሰው ግን ማንን በደለ? በእኛ አገር የምናየው የተገላቢጦሽ ነው። ገንዘብ የበላው ደረቱን ነፍቶ ይሄዳል። በአምሳ ዓመቱ መንዳት የሚማረው ሰውዬ ግን «ለማጅ» የሚል የተለጠፈበት መኪና ውስጥ የሚያውቀው ሰው እንዳያየው አንገቱን ይቀብራል። ያች ጽሑፍ የተለጠፈችው እኮ ለማሳፈር አልነበረም። «ይህ ሰው ገና እየተማረ ነው፣ ታገሱት፣ ቦታ ስጡት» ለማለት ነበር። እኛ ግን ስናያት ጡሩንባ እንነፋለን።

እስቲ ሙያ የሚባሉትን ነገሮች አንድ በአንድ እንያቸው። ዕድሜ የጠገበ ሙያ ሁሉ ለጀማሪ የሚሆን ትንሽ ቦታ አዘጋጅቶ ይጠብቃል። ማድ ቤቱን ውሰዱ። ለልጅ የምትጋገር እንጎቻ አለች። እንጎቻ ትንሽ ናት፤ ብትበላሽ የሚባክነው ጥቂት ሊጥ ነው። በእሷ ላይ እጅ ማፍታታት ይቻላል። ማሟሻም አለ። ምጣዱ ገና ሳይሟሽ የመጀመሪያዋ እንጀራ እንደማታምር ሞያተኛዋም ታውቃለች፤ አታለቅስም፤ ወደ ጎን አድርጋ ሁለተኛዋን ታሰፋለች። እኔ የጋገርኳት የመጀመሪያ እንጀራ አንድ ጎኗ ወፍሮ፣ አንድ ጎኗ ተቀዶ፣ መሃሏ ላይ ዓይን የሚባል ነገር ሳይኖራት ስትወጣ ያች ሴት ያለችኝ ይህንኑ ነው፤ «ማሟሻ ናት ጋሼ። የማንም ሰው የመጀመሪያው እንዲሁ ነው።»

ወደ ቄስ ትምህርት ቤት ሂዱ። ልጁ ሀ ሁ ሂን በዜማ ይዞ ይወርዳታል። የኔታ ግን ልጁ ዜማውን ይዞ ፊደሉን ላያውቅ እንደሚችል ያውቃሉ። ስለዚህ አቡጊዳ አለች። አቡጊዳ ላይ ተራው ተለውጧልና ልጁ በዜማ ማለፍ አይችልም፤ የግድ ፊደሏን ዓይቶ መለየት አለበት። ከዚያ መልእክተ ዮሐንስ ይመጣል። አንዱኑ ቃል መጀመሪያ ፊደል በፊደል እየቆጠረ፣ ኋላ በቁም ንባብ ይለዋል። ዳዊት የሚደገመው ይህ ሁሉ ካለፈ በኋላ ነው። ቅኔ ቤትም ብትገቡ እንደዚያው ነው። ጀማሪው ስምንት ቤት ያለውን መወድስ አምጣ አይባልም። ሁለት ቤት ብቻ ያላት ጉባኤ ቃና ትሰጠዋለች። በሁለት ቤት ውስጥ ቢሳሳት ስህተቱ ይታያል፤ ይታረማል። ይህን ሥርዓት ያበጁት ሰዎች ስለ ጀማሪ ነፍስ አጥብቀው ያሰቡ ይመስለኛል።

አዲሱ ሙያም ቢሆን ከዚህ አልወጣም። እ.ኤ.አ. በ1978 ብራያን ከርኒሃንና ዴኒስ ሪቺ «ሲ» ስለተባለችው የኮምፒውተር ቋንቋ ባሳተሙት መጽሐፍ ለጀማሪው ያቀረቡለት የመጀመሪያ ሥራ ምን ነበር? ኮምፒውተሩ «ሄሎ ወርልድ» የሚሉ ሁለት ቃላት እንዲጽፍ ማዘዝ። በቃ! ከዚያ ወዲህ የትኛውንም የኮምፒውተር ቋንቋ የሚጀምር ሰው በዚህችው ሰላምታ መጀመሩ ልማድ ሆኖ ቀረ። የኮደሮች ሀ ሁ ማለት እሷ ናት። በአገራችንም በ2016 ዓ.ም. ሐምሌ ወር «አምስት ሚሊዮን ኮደሮች» የተባለው የኢንተርኔት ሥልጠና ይፋ ሲሆን ብዙ ሰው በሩን አንኳኩቷል። ከጎረቤቴ ልጅ ጋር ቁጭ ብዬ እኔም ለአንድ ቅዳሜ ሞክሬያለሁ። በፓይተን ኮምፒውተሩን «ሰላም» አሰኘሁት። ከዚያ በፊት ግን የጥቅስ ምልክቱን መዝጋት ረስቼ ስህተት ነው የሚል ቀይ ጽሑፍ ተደረደረብኝ። ደንግጬ ልዘጋው ስል ልጁ እጄን ያዘኝ። «አይዝጉት እንጂ፤ ያንብቡት። የት ላይ እንደተሳሳቱ እኮ ራሱ እየነገረዎት ነው» አለኝ።

ልብ በሉልኝ። የዚያ ሙያ የመጀመሪያ ትምህርቱ ስህተትን ማንበብ ነው። ስህተቱ የምትሠራበትን መስመር ይነግርሃል እንጂ «ድሮስ አንተ!» አይልህም።

አንድ ወጣት ወዳጅ አለኝ፤ ማታ ማታ እንግሊዝኛ የሚለማመደው ከሰው ሠራሽ አስተውሎት ጋር ነው። «ከጓደኞችህ ጋር አትለማመድም?» አልኩት። «አይስቅብኝማ!» አለኝ። መልሱ ሁለት ነገር አደረገኝ፤ አሳቀኝም አሳዘነኝም። ያ ልጅ መሣሪያውን የመረጠው ብዙ ስለሚያውቅ ብቻ አይደለም፤ ስለማይስቅ ነው። የማይስቅ ጎረቤት፣ የማይስቅ ወንድም፣ የማይስቅ መምህር ቢያገኝ ኖሮ መሣሪያው ሁለተኛ ምርጫው በሆነ ነበር። መሣሪያው አይስቅም፣ እውነት ነው። ግን ልጁ አንድ ቀን ቀና ብሎ ሲናገር አብሮት ደስ የሚለው እሱ አይደለም።

ስለ እንግሊዝኛ ከተነሳ አይቀር፣ ይህ ቋንቋ በእኛ አገር እንጎቻ የሌለው ሙያ ነው። ተማሪው ከዘጠነኛ ክፍል ጀምሮ፣ አንዳንድ ክልል ደግሞ ከዚያም በፊት፣ ትምህርቱን ሁሉ በእንግሊዝኛ ይማራል። በወረቀት ላይ ሲያዩት ወጣቱ ሁሉ እንግሊዝኛ ተናጋሪ መሆን ነበረበት። ክፍል ውስጥ ግን የመጀመሪያዋን ዓረፍተ ነገር የሚናገርበት ትንሽ ቦታ የለውም። አፉን ሲከፍት ልክ እንደ ተወላጁ ካልተናገረ «ሰበረው!» ይባላል። የግሱን ጊዜ ቢስት ለሳምንት መቀለጃ ይሆናል። ስለዚህ ምን ያደርጋል? ዝም ይላል። ዐሥራ ሁለት ዓመት ተምሮ ዝም ይላል።

እዚህ ላይ አንድ የሚገርመኝ ነገር አለ። አንድ ፈረንጅ መጥቶ «እኔ ቡና ትወዳለህ» ቢል ምን እናደርጋለን? እናጨበጭባለን። «ጎበዝ! አማርኛ ቻለ!» እንላለን። ቡናውን ከፍለንለት ሁሉ እንሄዳለን። አማርኛ ሁለተኛ ቋንቋው የሆነ የገዛ አገራችን ሰው ወንዱን በሴት አንቀጽ ቢጠራ ግን እዚያው ፊቱ ላይ እንስቃለን፤ ሄዶም አስመስለን እንተርክበታለን። ስህተቱ አንድ ዓይነት ነው። ለአንዱ ጭብጨባ፣ ለአንዱ ሳቅ ያሰጠው ምንድን ነው? ከዚህ የምረዳው፣ በጀማሪ ላይ የምንስቀው ስለ ስህተቱ አለመሆኑን ነው። እንግዳውን «አያውቅም ተብሎ ነው የሚጠበቀው» ብለን ይቅር እንላለን። የራሳችንን ሰው ግን «እንዴት አታውቅም?» ብለን እንከሰዋለን። ሳቃችን ፍርድ ነው ማለት ነው። ሰውየውን «ከእኛ ጎራ አይደለህም» የምንልበት ፍርድ።

ይህን ሐሳብ ጡረታ ለወጣ አንድ መምህር ወዳጄ ባጫውተው አልተቀበለኝም። «ያንተ ነገር ማሞላቀቅ ነው» አለኝ። «እኛ በአለንጋ ነው የተማርነው። ተስቆብን፣ ተሰድበን፣ እልህ ይዞን ነው እዚህ የደረስነው። እልህ ያልገባው ሰው የትም አይደርስም። የዛሬ ልጆች ጎበዝ ጎበዝ እየተባሉ ነው ምንም ሳያውቁ ሁሉን ያወቁ የሚመስላቸው።»

ወዳጄ የተናገረው ከንቱ ነገር አይደለም። በእልህ የተማረ ሰው አለ፤ አውቃለሁ። የውሸት ምስጋናም ሰውን ይገድላል። ሦስት ሳምንት ሠልጥኖ «ሶፍትዌር ኢንጂነር ነኝ» ብሎ የሥራ ማመልከቻ የሚጽፍ ልጅ አይቻለሁ። ፍሬን ከነዳጅ መርገጫ የማይለይን ሰው «ጎበዝ» ብሎ መንገድ ላይ መልቀቅ ደግነት አይደለም፤ በሌላው ሰው ነፍስ መቀለድ ነው። በዚህ እንስማማለን።

ግን ወዳጄ ሁለት ነገር ዘነጋ። አንደኛ፣ ማረምና መሳቅ አንድ አይደሉም። የቅኔ መምህሩ «ይህ ቤት ጎደለ፣ ይህ ግስ አይስማማም» ሲሉ የሚያርሙት ቅኔውን ነው። ተማሪው ቅኔውን አስተካክሎ ነገ መመለስ ይችላል። የሚስቀው ሰው ግን የሚነካው ራሱን ተማሪውን ነው። ቅኔን አስተካክሎ መመለስ ይቻላል፤ ራስን አስተካክሎ ነገ ጠዋት ይዞ መምጣት ግን አይቻልም። ስለዚህ ተማሪው ይቀራል። ሁለተኛ፣ «ተስቆብኝ ተማርኩ» የሚሉት ሰዎች የተረፉት ናቸው። የምስክርነት ወንበር ላይ የተቀመጡት እነሱ ብቻ ናቸው። ተስቆባቸው የቀሩት ሰዎች ግን መጥተው አይመሰክሩም። የት እንዳሉም አናውቅም።

እኔ አንዷን አውቃታለሁ።

በ1971 ዓ.ም. ሐምሌ ላይ የመሠረተ ትምህርት ዘመቻው ሲጀመር እኔ ስምንት ዓመት ቢሆነኝ ነው። ስለዚያ ዘመን ክፉውም ደጉም ተጽፏል፤ ዘመቻው ግን በአማርኛም በሌሎች የአገሪቱ ቋንቋዎችም ብዙ እናትና አባት ፊደል ያስቆጠረ፣ በዩኔስኮ በኩልም የተሸለመ ሥራ ነበር። በእኛ ሰፈር ትምህርቱ የሚሰጠው በቀበሌው አዳራሽ ነበር። እናቴ ነጠላዋን አጣፍታ፣ ደብተሯን በብብቷ ይዛ ከጎረቤቶቿ ጋር ስትሄድ ትዝ ይለኛል። ማታ ራት ካበላችን በኋላ መብራቱ ሥር ቁጭ ብላ በጣቷ እየተከተለች ታነብባለች። እኔ ሁለተኛ ክፍልን ጨርሻለሁ፤ የቤቱ ምሁር ነኝ።

አንድ ማታ «ቤቱ ትልቅ ነው» የሚለውን «ሴቱ ትልቅ ነው» ብላ አነበበችው። «ቤ»ንና «ሴ»ን አስተያይታችሁ እዩአቸው፤ ዘመድ ናቸው። ለጀመረ ሰው ለመለየት ያስቸግራሉ። የስምንት ዓመቱ ምሁር ግን መሬት ላይ ተንከባለለ። ሳቄን ጨርሼም አልተውኩም። በማግሥቱ ጎረቤቶች ቡና ሊጠጡ ሲሰበሰቡ ድምጿን አስመስዬ፣ ጣቴን እንደሷ እየጎተትኩ፣ «ሴ…ቱ… ትልቅ… ነው» ብዬ አሳየኋቸው። ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። እናቴም ሳቀች። የነጠላዋን ጫፍ አፏ ላይ አድርጋ ሳቀች።

በማግሥቱ ማታ «ወገቤን አሞኛል» ብላ ቀረች። በሦስተኛው ቀን እንግዳ መጣባት። በአራተኛው ቀን ሊጥ ልታቦካ ነበር። ከዚያ በኋላ የሚጠይቃት ሰው አልነበረም። ያን ቀን ቡና ላይ አብረውን ከሳቁት ሴቶች ሁለቱ የምስክር ወረቀታቸውን ተቀብለው ከሥዕለ ማርያሙ ጎን ሰቅለውት ነበር። እናቴ ሲያልቅባት ስኳር ልትበደር እነሱ ቤት ትሄዳለች፤ ታየዋለች፤ ምንም አትልም። እኔንም አንድ ቀን «አንተ ነህ» አላለችኝም። ብላኝ ቢሆን ይሻለኝ ነበር።

ዓመታት አለፉ። እኔ ተምሬ መምህር ሆንኩ። ሥነ ጽሑፍ አስተማርኩ፤ የቃላትን ጓዳ ጎድጓዳ ለሰው ልጆች ሳሳይ ኖርኩ። የአባቴን ጡረታ ለመቀበል እናቴን ይዤ ስሄድ ግን ጸሐፊዋ የቀለሙን ሳጥን ትገፋላታለች፤ እናቴ አውራ ጣቷን ነክራ ታትማለች። ከዚያ ጣቷን በነጠላዋ ውስጥ ትደብቀዋለች። ጎኗ የቆመው ልጇ የዩኒቨርሲቲ መምህር ነው። ስመረቅም፣ ስሾምም፣ መድረክ ላይ በቆምኩ ቁጥር እንደ ዘመኑ ሰው ሁሉ «ሳይማር ያስተማረኝን ወገኔን አመሰግናለሁ» ብያለሁ። ስለ እናቴም «ሳትማር ያስተማረችኝ» እላለሁ። ሰው ያጨበጭባል። እውነቱን ግን ግማሹን ብቻ ነው የምናገረው። ሳትማር አስተማረችኝ፤ አዎን። እንዳትማር ያደረግኋትስ?

ልጅ ነበርኩ፤ አውቃለሁ። በስምንት ዓመት ልጅ ማንም አይፈርድም። ችግሩ፣ ያ ልጅ አድጎ መምህር ከሆነ በኋላም ብዙ አለመለወጡ ነው። ክፍል ውስጥ አንድ ተማሪ ግጥም ሲያነብ ቃል ሲሰብር አንዲት ቀልድ ጣል አደርግ ነበር። ክፍሉ ይስቃል። እኔም ጨዋታ አዋቂ እባላለሁ። በሴሚስተሩ መጨረሻ ክፍሉ ጸጥ ብሎ ያዳምጠኝ ነበር። ያን ጸጥታ አክብሮት ነው ብዬ ስተረጉመው ኖሬያለሁ። ማድ ቤት ገብቼ በሩ መዘጋቱን ዞር ብዬ ያየሁ ቀን ነው ትርጉሙን የጠረጠርኩት። ከማን ነው የተደበቅሁት? ከራሴ ነዋ! ከዚያ ከሚስቀው ልጅ፣ ከዚያ ከሚቀልደው መምህር ነው የተደበቅሁት። ሰው በሌላው ላይ የሳቀውን ሳቅ አምሳ ዓመት ሙሉ ጆሮው ላይ ተሸክሞት ይኖራል። እሱ ራሱ ጀማሪ የሆነ ዕለት ይሰማዋል።

ሶቅራጥስ ትዝ አለኝ። ፕላቶን «ኤውቲዴሞስ» በተባለው ድርሳኑ እንደሚተርከው ሶቅራጥስ በስተርጅናው ኮኖስ ከሚባል ሰው ዘንድ በገና መሰል መሣሪያ መማር ጀምሮ ነበር። አብረውት የሚማሩት ልጆች ናቸው፤ ሳቁበት። በእሱ ብቻ ሳያበቁ መምህሩንም የሽማግሌዎች አስተማሪ እያሉ ቀለዱበት። ሶቅራጥስ ታዲያ ምን አደረገ? ሌሎች ሽማግሌዎችን አባብሎ ይዞ ሄደ፤ አብረውት እንዲማሩ። የግሪክን ጥበብ ያህል ነገር በአደባባይ የሚከራከር ሰው መሰንቆ ቢጤ ለመማር ከሕፃናት ጋር ቁጭ ማለቱ አይገርማችሁም? እኔን ግን ይበልጥ የገረመኝ ዘዴው ነው። ሳቁን በክርክር አላሸነፈውም፤ ብቻውን ባለመሆን ነው የተቋቋመው። እናቴም ያን ጊዜ የሚያስፈልጋት ክርክር አልነበረም። «ነይ እንሂድ» ብላ በአራተኛው ቀን በሯን የምታንኳኳ አንዲት ጎረቤት ነበረች የጎደለቻት። ወይም «እማዬ ዛሬ አታነቢም?» የሚል ልጅ።

እንግዲህ የሞራሉን ጥያቄ እንደገባኝ ልመልስና ላብቃ። ጀማሪ የሆነ ሰው መብትም ግዴታም አለበት። ግዴታው «አላውቅም» ማለት ነው፤ ማሟሻውን እንደ ሰርግ እንጀራ ለእንግዳ አለማቅረብ፣ ሲታረም አለመቆጣት፣ ነገ ተመልሶ መምጣት። መብቱ ደግሞ አንዲት ትንሽ ቦታ ማግኘት ነው። ተሳስቶ የማይዋረድባት፣ ስህተቱ በስሙ ተጠርቶ እሱ ግን በስህተቱ የማይጠራባት ቦታ። ይህችን ቦታ የሚሰጠው መንግሥት ወይም ትምህርት ቤት ብቻ አይደለም። የሚያውቀው ሰው ሁሉ ነው። ማወቅ ራሱ ዕዳ ያመጣል ማለቴ ነው። የሚያውቅ ሁሉ አንድ ቀን የሆነ ሰው ሳይስቅበት ስላሳለፈው ነው ያወቀው። ያን ውለታ የሚከፍለው ለዚያ ሰው ሳይሆን ከኋላው ለሚመጣው ነው።

«ታዲያ ሳቅ የሚባል ነገር ይቅር?» የሚል አይጠፋም። አይቅር። ሦስተኛዋን እንጀራ ከምጣዱ ላይ በሰፌድ ላወጣ ስል እጥፍ ብላ ስትቀርብኝ እኔም ያች ሴትም ሆዳችንን ይዘን ስቀናል። ከሳቅን በኋላ ግን መቅጃውን መልሳ ሰጠችኝ። ልዩነቱ ያች መቅጃ ናት። ሰው ላይ የሚስቅ ሰው መቅጃውን ይነጥቃል፤ ከሰው ጋር የሚስቅ ሰው መልሶ ያስጨብጣል።

ይህች ሴት ስምንተኛ ክፍል ላይ ትምህርቷን ማቋረጧን በወሬ መሃል ነግራኛለች። የማታ ትምህርት ልትቀጥል ፈልጋ፣ «በዚህ ዕድሜዬ ከልጆች ጋር?» እያለች ሁለት ዓመት አስባበታለች። እኔ ለእንጀራው ትምህርት ልከፍላት ብል እምቢ አለችኝ። ስለዚህ ተስማማን። ማክሰኞና ቅዳሜ ምጣዱ እስኪግል ድረስ ማድ ቤቱ ጠረጴዛ ላይ ሂሳቧንና እንግሊዝኛዋን እናያለን። ባለፈው ቅዳሜ አንድ ዓረፍተ ነገር ጮክ ብላ ስታነብ ተሳሳተችና ቀና ብላ ፊቴን አየችው። ምን እንደምትፈልግ አወቅሁት። እኔም አምሳ አምስት ዓመት ያን የሚመስል ፊት አይቼ አላወቅሁትም ነበር።

«እንደገና በዪው» አልኳት። «ማሟሻ ናት።»

እንደገና አለችው።

ዛሬ ማታ በቤታችሁ አንድ ሰው ሀ ሊል ይሆናል። ልጃችሁ ሊሆን ይችላል፤ አባታችሁም፤ የቤት ሠራተኛችሁም፤ እናንተው ራሳችሁም። ድምፁ ይንቀጠቀጣል፤ ፊደሉ ይጣመማል፤ ሽሮው ይጓጉላል። ጡሩንባችሁን ያዝ አድርጉት። ነገም ተመልሶ ይምጣ።